የተፈረመ የደመወዝ ጭማሪ ፍርድ ቤት ቀርቦ እንዴት ይወድቃል?

ጁን 2018 ላይ የደቡብ አፍሪካ መንግሥትና የመንግሥት ሠራተኞች ማኅበራት የሦስት ዓመት የደመወዝ ስምምነት ላይ ደረሱ (የውጭ አገሮቹ ዓመታት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። የአንደኛው ዓመት ጭማሪ ተከፈለ፣ የሁለተኛውም ተከፈለ። የሦስተኛው ከኤፕሪል 1 ቀን 2020 ጀምሮ ደመወዝ ላይ መታየት ሲገባው ሳይታይ ቀረ። ማኅበራቱ «ውላችን ይፈጸምልን» ብለው ከሰሱ። በእጃቸው የተፈረመ ሰነድ አለ፤ ሰነዱ ሁለት ዓመት ሙሉ ሲሠራበት ቆይቷል። ላይ ላዩን ለሚያይ ሰው የማይሸነፍ ክስ ይመስላል። ነገር ግን ዲሴምበር 15 ቀን 2020 በሥራ ክርክር ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት፣ ፌብሩዋሪ 28 ቀን 2022 ደግሞ በሕገ መንግሥት ፍርድ ቤቱ ተሸነፉ። ሁለተኛው ፍርድ የተሰጠው በአንድ ድምፅ ነበር።

ይህን ፍርድ የተረዳ ሰው፣ ፍርድ ቤቶች የመንግሥት ሠራተኛን የደመወዝ ስኬል እንዴት እንደሚያዩ አብዛኛውን ነገር ይረዳል። ዳኛ ደመወዝ ሲቀርብለት «ይህ ገንዘብ ለኑሮ ይበቃል ወይ?» ብሎ አይጀምርም። መጀመሪያ የሚጠይቀው ይህን የወሰነው ወይም የፈረመው አካል ሥልጣን እንደነበረው፣ ሕጉ ባሰመረለት መንገድም ሄዶ እንደሆነ ነው። ሠራተኛው ይህን ጥያቄ በመንግሥት ላይ ሊያነሣው ይችላል። መንግሥትም፣ ደቡብ አፍሪካ ላይ እንደሆነው፣ በገዛ ፊርማው ላይ ሊያነሣው ይችላል።

ይግባኝና ክለሳ

ሁለቱን አንድ አድርጎ የሚይዝ ሰው ብዙ ነው። ይግባኝ የሚሰማ አካል የበታቹን ውሳኔ ገልብጦ የራሱን ሊተካበት ይችላል። የፍርድ ቤት ክለሳ ከዚያ ይጠብባል። ዳኛው ሥልጣኑ የማን እንደሆነ፣ ሕጉ ያስቀመጣቸው ቅድመ ሁኔታዎች መሟላታቸውን፣ የሚመለከታቸው ሰዎች መሰማታቸውን፣ ምክንያት መሰጠቱን ያያል። ከዚያ አልፎ ወደ ውሳኔው ይዘት የሚገባው ውሳኔው ማንም አስተዋይ ሰው ሊደርስበት የማይችል ሆኖ ሲገኝ ብቻ ነው። ጉድለት ካገኘም ብዙውን ጊዜ ውሳኔውን ሽሮ ወደ ወሰነው መሥሪያ ቤት ይመልሰዋል። መሥሪያ ቤቱ ደግሞ ሥርዓቱን አሟልቶ ያንኑ ቁጥር መልሶ ሊጽፍ ይችላል። አሸንፈው ደመወዛቸው አንዲት ሳንቲም ያልጨመረ ሠራተኞች በብዙ አገር ያሉት በዚህ ምክንያት ነው።

ስኬል ሲሆን ደግሞ ዳኞች እጃቸውን ይበልጥ ይሰበስባሉ። ስኬል እንደ መሰላል የተያያዘ ነገር ነው። የደረጃ 7ን መነሻ ከፍ ካደረጉት ከደረጃ 8 ጋር ይገጥማል። ደረጃ 8 ካልተነካ ትናንት አለቃ የነበረው ዛሬ ከምንዝሩ እኩል ይከፈለዋል፤ ከተነካ ደግሞ ደረጃ 9 ይጠይቃል። የጡረታ መዋጮውም፣ የትርፍ ሰዓት ክፍያውም ከመነሻው ጋር አብረው ይንቀሳቀሳሉ። አንድ ሠራተኛ ያቀረበው ክስ የሚሊዮን ሰው በጀት ይነካል። ዳኛው ፊት የቀረበው ግን የአንዱ መዝገብ ብቻ ነው።

የስምምነቱ ቁጥሮች

የደቡብ አፍሪካ የመንግሥት ሠራተኞች ስኬል 16 ደረጃ አለው። ከ13 እስከ 16 ያለው ከፍተኛ አመራር ስለሆነ፣ በድርድር ምክር ቤቱ የተደረሰው ስምምነት የሚመለከተው ከ1 እስከ 12 ያሉትን ነበር። በመጀመሪያው ዓመት ከ1 እስከ 7 ላሉት 7 ከመቶ፣ ከ8 እስከ 10 ላሉት 6.5 ከመቶ፣ ለ11 እና ለ12 ደግሞ 6 ከመቶ ተጨመረ። ለሁለተኛውና ለሦስተኛው ዓመት የተቆረጠ ቁጥር አልተቀመጠም። የተቀመጠው ቀመር ነው፦ ለታችኞቹ የዓመቱ የዋጋ ንረት ትንበያ ሲደመር 1 ከመቶ፣ ለመካከለኞቹ ትንበያው ሲደመር ግማሽ ከመቶ፣ ለላይኞቹ ትንበያው ብቻ።

ይህ በአንድ ሰው ኪስ ውስጥ ምን እንደሚመስል እናስላ። በወር 10,000 ራንድ የሚያገኝ የደረጃ 5 ሠራተኛ አለ እንበል። በመጀመሪያው ዓመት 10,700 ይሆንለታል። የሁለተኛው ዓመት የንረት ትንበያ 5 ከመቶ ቢሆን 6 ከመቶ ይጨመርና 11,342 ይደርሳል። ለሦስተኛው ዓመት ትንበያው 4 ከመቶ ቢሆን 5 ከመቶ ተጨምሮ 11,909 ይሆን ነበር። ሦስተኛው ሲቀር በወር 567 ራንድ ይጎድላል። ጉዳቱ ግን በዚያ ዓመት አያበቃም። ከዚያ በኋላ የሚመጣው ጭማሪ ሁሉ የሚሰላው ከ11,909 ሳይሆን ከ11,342 ነው፤ ጡረታውም እንዲሁ። ማኅበራቱ በአንድ ዓመት ጭማሪ ያን ያህል የተሟገቱት ስለ መነሻው ነው።

በመንግሥት በኩል ያለው ስሌት ደግሞ ሌላ ነበር። ለሦስተኛው ዓመት ብቻ የሚያስፈልገው ወደ 37.8 ቢሊዮን ራንድ ነው። ፌብሩዋሪ 2020 ላይ የገንዘብ ሚኒስትሩ ቲቶ ምቦዌኒ ባቀረቡት በጀት የደመወዝ ወጪን በሦስት ዓመት ውስጥ በ160.2 ቢሊዮን ራንድ ለመቀነስ መታቀዱን ተናገሩ። መንግሥት የሦስተኛውን ዓመት ጭማሪ የያዘው የስምምነቱ አንቀጽ 3.3 እንደገና ይታይ ብሎ ድርድር የጠየቀው በዚያው ሰሞን ነው።

የጎደለችው ወረቀት

ነገሩ ሁሉ የተንጠለጠለው በ2016ቱ የመንግሥት አገልግሎት ደንብ ሁለት አንቀጾች ላይ ነው፤ 78 እና 79። ደንቡ በመንግሥት ስም የሚደራደር ሰው በጀት የሚያስወጣ ስምምነት ከመፈረሙ በፊት ከሁለት አንዱን በእጁ እንዲይዝ ያዛል። አንዱ፣ ወጪው በተመደበው በጀት የሚሸፈን መሆኑ ነው። የማይሸፈን ከሆነ ደግሞ ግምጃ ቤቱ «ልዩነቱን እኔ እሞላለሁ» ብሎ በጽሑፍ የሰጠው ቃል መኖር አለበት። በዚህ ላይ ተደራዳሪው የሚንቀሳቀሰው ከሚመለከተው የካቢኔ ኮሚቴ በተሰጠው የድርድር ሥልጣን ልክ ብቻ ነው።

ስምምነቱ በጀት ከተያዘለት ወደ 30 ቢሊዮን ራንድ ይበልጥ ነበር። ለዚህ ልዩነት የግምጃ ቤቱ የጽሑፍ ቃል አልነበረም። አንዲት ደብዳቤ ናት የጎደለችው። ደብዳቤዋ ግን ተራ የቢሮ ወግ አይደለችም፤ በአገሪቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 213 መሠረት ከብሔራዊው ካዝና ገንዘብ የሚወጣው በሕግ ሲፈቀድ ብቻ ነው፣ አንቀጽ 215 ደግሞ በጀት ግልጽነትና ተጠያቂነት እንዲኖረው ያዛል። ደንቡ የእነዚህ አንቀጾች እጅና እግር ነው። ስለዚህ ፍርድ ቤቶቹ ደብዳቤው ሳይኖር የተፈረመው አንቀጽ 3.3 ሕገ ወጥና ዋጋ ቢስ ነው አሉ።

ማኅበራቱ ያነሡት ክርክር ቀላል አልነበረም። «ደንቡ የእናንተ የውስጥ ጉዳይ ነው፤ ቤታችሁን ሳታዘጋጁ የፈረማችሁት እናንተ ናችሁ፤ ለእኛ ምን አገባን?» አሉ። በውል ሕግ ይህ ብዙ ጊዜ ያስኬዳል፤ ከድርጅት ጋር የተዋዋለ ሰው የድርጅቱን የውስጥ ቃለ ጉባኤ የመመርመር ግዴታ የለበትም። እዚህ ግን ፍርድ ቤቱ ልዩነት አደረገ። የውስጥ አሠራርን መጣስ አንድ ነገር ነው፤ ሕጉ ጨርሶ የሥልጣን ምንጭ ያደረገውን ቅድመ ሁኔታ መዝለል ግን ሌላ ነው። ሁለተኛው ሲጎድል ፈራሚው ሥልጣን የለውም። ሥልጣን የሌለው ሰው የፈረመው ሁለት ዓመት ስለተከፈለበት ብቻ አይጸድቅም።

«ለምን ሁለት ዓመት ቆያችሁ?» የሚለው ክርክርም ተነሥቷል። እዚያ አገር የመንግሥት መሥሪያ ቤት የራሱን ውሳኔ ሕገ ወጥ ነው ብሎ ፍርድ ቤት ሊመጣ እንደሚችል በ2017 ጊጂማ በተባለ ድርጅት ጉዳይ ተወስኗል። በዚያው ጉዳይ መሥሪያ ቤቱ ያለ በቂ ምክንያት ቢዘገይም ሕገ ወጥነቱ ግልጽ ከሆነ ፍርድ ቤቱ ይህንኑ ከመናገር እንደማይቆጠብ ተቀምጧል። ማኅበራቱ ይበልጥ ተስፋ ያደረጉት የዚህኑ ፍርድ ሌላ ክፍል ነበር። በጊጂማ ጉዳይ ውሉ ሕገ ወጥ ይባል እንጂ ድርጅቱ በውሉ ያገኘው መብት እንዳይነካ ተደርጓል። «እኛንም እንዲሁ አድርጉን፤ ሕገ ወጥ በሉትና ክፍያው ግን ይቀጥል» አሉ። ፍርድ ቤቱ አልተቀበለም። መንግሥት በስምምነቱ ያላግባብ የተጠቀመው ነገር የለም፣ ካዝናው ደግሞ በጭንቅ ላይ ነው፣ ክፈል ማለት ሸክሙን በሌሎች ላይ መጣል ነው የሚል ነበር ምክንያቱ።

እዚህ ላይ አስተያየት ማስቀመጥ ይገባል። ፍርዱ በሕግ ዓይን ይቆማል፤ ግን የሚያስከትለው ነገር ያስፈራል። ደብዳቤውን ማግኘት የነበረበት መንግሥት ነው፣ ባለማግኘቱ የተጠቀመውም መንግሥት ሆነ። ከዚያ ፍርድ በኋላ ድርድር የሚቀመጥ ማኅበር ሁሉ ስለ ከመቶው ከመከራከሩ በፊት «የግምጃ ቤቱ ደብዳቤ ቁጥርና ቀኑ ስንት ነው?» ብሎ መጠየቅና ኮፒውን ከስምምነቱ ጋር ማያያዝ አለበት። ያለዚያ የያዘው ወረቀት የተስፋ ወረቀት ነው።

ክርክሩ ፍርድ ቤት እያለ በ2021 ሌላ ስምምነት ተደረገ፦ የ1.5 ከመቶ ጭማሪና ከግብር በኋላ በወር ከ1,220 እስከ 1,695 ራንድ የሚደርስ የጥሬ ገንዘብ ድጎማ። ድጎማ መሆኑን ልብ ይሏል። መነሻ ደመወዙ ላይ አይቀመጥም፤ ጡረታውንም ከፍ አያደርግም። በ2022 መንግሥት ያለ ስምምነት 3 ከመቶ ጨመረ። በ2023 ደግሞ በድርድር 7.5 ከመቶ ሆነ።

መጠኑን ራሱን የሚለካ ፍርድ ቤት

ዳኛ ቁጥር ውስጥ አይገባም ከሚለው ደንብ ወጣ ያለ አገር ጀርመን ነው። እዚያ «ቤአምተ» የሚባሉት ቋሚ የመንግሥት ሹማምንት የሥራ ማቆም አድማ ማድረግ አይፈቀድላቸውም፤ ደመወዛቸውም በድርድር ሳይሆን በሕግ ይወሰናል። በዚህ ልዋጭ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 33 መንግሥት ለሹመታቸው የሚመጥን ኑሮ እንዲያኖራቸው ያስገድዳል። መደራደርም ማደምም የማይችል ሰው ያለው መከላከያ ፍርድ ቤት ብቻ ስለሆነ፣ የፌዴራሉ ሕገ መንግሥታዊ ፍርድ ቤት ሜይ 5 ቀን 2015 በሰጠው ፍርድ የራሱን መለኪያ አወጣ።

በዚያ ፍርድ የወጣው መለኪያ አምስት ነበር። የሹማምንቱ ደመወዝ ዕድገት በድርድር ከሚወሰነው የሌሎቹ የመንግሥት ሠራተኞች ደመወዝ፣ ከአጠቃላይ የደመወዝ መጠን ዕድገትና ከዋጋ ንረት ጋር እየተነጻጸረ ይታያል፤ በእያንዳንዱ ቢያንስ 5 ከመቶ ወደ ኋላ ከቀረ ምልክት ነው። አራተኛው በደረጃዎች መካከል ያለው ርቀት በአምስት ዓመት ውስጥ ቢያንስ በ10 ከመቶ መጥበቡ ነው፤ የላይኛውን አስቀርቶ የታችኛውን ብቻ መጨመር በዚህ ይያዛል። አምስተኛው ከፌዴራሉና ከሌሎች ክልሎች አማካይ በ10 ከመቶ ማነሱ ነው። ከአምስቱ ሦስቱ ከተገኙ ደመወዙ ከሕገ መንግሥቱ በታች ነው ተብሎ ይገመት ነበር፤ ከዚያ በኋላ ማስረዳቱ የመንግሥት ዕዳ ይሆን ነበር። በዚያ ፍርድ የሳክሰን አንሃልት ክልል ዳኞች የ2008-2010 ደመወዝ በዚህ ሚዛን ወደቀ። ፍርድ ቤቱ ሚዛኑን ከዚያ ወዲህ እያሻሻለው መጥቷል።

ብዙዎችን የሚጥለው ግን ሚዛኑ ሳይሆን ጊዜው ነው። ደመወዜ አነሰ የሚል ሹም ተቃውሞውን በጽሑፍ ማቅረብ ያለበት በዚያው የበጀት ዓመት ውስጥ ነው። ጎረቤቱ ሲያሸንፍ ጠብቆ ከሦስት ዓመት በኋላ የሚመጣ ሰው የኋላውን ልዩነት አያገኝም። ምክንያቱ የበጀት ነው፦ መንግሥት ሊመጣበት የሚችለውን ዕዳ በዓመቱ እንዲያውቀው ይፈለጋል። ስለዚህ የሠራተኛ ማኅበራቱ በየዓመቱ መጨረሻ ለአባሎቻቸው የተዘጋጀ የተቃውሞ ቅጽ ይበትናሉ።

ማሸነፍና መከፈል

ፖርቱጋል በዕዳ ቀውስ ጊዜ የመንግሥት ሠራተኞችንና የጡረተኞችን 13ኛና 14ኛ ወር ክፍያ አቆመች። በወር ከ1,100 ዩሮ በላይ የሚያገኙት ሙሉ በሙሉ፣ ከ600 እስከ 1,100 ያሉት ደግሞ በከፊል አጡ። ጁላይ 2012 ላይ ሕገ መንግሥታዊው ፍርድ ቤት ሸክሙ ለመንግሥት ተከፋዮች ብቻ መሆኑ የእኩልነትን መርህ ይጥሳል ብሎ ፈረደ። ያው ፍርድ ግን ውጤቱ የ2012ን ክፍያ እንደማይነካ ጨምሮ ተናገረ፤ ዓመቱ ተጋምሷል፣ በጀቱ ይናጋል በሚል። ሠራተኛው ትክክል ነበርክ ተባለ፤ የዚያ ዓመት ገንዘቡን ግን አላየውም። የደመወዝ ክስ የሚያዘጋጅ ሰው የመብቱን ክርክር ብቻ ጽፎ መቆም የለበትም። ከመቼ ጀምሮ፣ በምን መልኩ ይከፈለኝ የሚለው የራሱ ክፍልና የራሱ ምክንያት ያስፈልገዋል።

ወደ አገር ቤት ስንመጣ

በኢትዮጵያ የፌዴራል መንግሥት ሠራተኛ የደመወዝ ስኬል የሚጸድቀው በሚኒስትሮች ምክር ቤት ነው። የአብዛኛው ሰው ምሬት በዚህ ስኬል ላይ ነው፤ በፍርድ ቤት መንገድ ለመንካት በጣም የሚከብደውም ይኸው ነው። ስኬሉ ሕገ መንግሥቱን ይጥሳል የሚል ክርክር ከሆነ ደግሞ የመጨረሻው ቃል የፌዴሬሽን ምክር ቤት እንጂ የመደበኛው ፍርድ ቤት አይደለም፤ ጉዳዩ በሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ በኩል ያልፋል።

የተሻለ ዕድል ያለው ክርክር ከስኬሉ በታች ነው፤ ሠራተኛው በስኬሉ ላይ የት ተቀመጠ የሚለው። ጄኢጂ እየተባለ የሚጠራው የሥራ ምዘናና ደረጃ አሰጣጥ የሥራ መደቦችን በነጥብ መዝኖ በ22 ደረጃ ደልድሏል። እዚህ ላይ አንድ ስህተት ደጋግሞ ይታያል። ሠራተኛው ቅሬታውን «ሁለተኛ ዲግሪ አለኝ፣ 15 ዓመት አገልግያለሁ» ብሎ ይጀምረዋል። ምዘናው የሚመዝነው ሰውየውን ሳይሆን ወንበሩን ነው። ስለዚህ ሚዛን የሚደፋው ማስረጃ የመደቡ የሥራ መግለጫ ነው፦ መግለጫው ላይ የሌለ፣ ነገር ግን በደብዳቤ ታዞ በቋሚነት የሚሠራ ተግባር አለ? ተመሳሳይ መግለጫ ያለው መደብ በሌላ ዳይሬክቶሬት ከፍ ባለ ደረጃ ተመዝኗል? ትምህርትና ልምድ የሚመጡት በድልድሉ ውድድር ላይ ነው፤ ያ ደግሞ የራሱ መመሪያና መስፈርት አለው። ሁለቱን በአንድ ማመልከቻ የሚደባልቅ ሰው በሁለቱም መልስ ሳያገኝ ይቀራል። እርከን ሳይጨመር መቅረት ወይም አዲሱ ደመወዝ ከሚገባው ወር ዘግይቶ መጀመር ሦስተኛ ዓይነት ነው። እሱ የአፈጻጸም ጉዳይ ስለሆነ የክፍያ ሰነዱ ራሱ ይናገራል።

ሌላው የተለመደ ስህተት የበር ነው። የአሠሪና ሠራተኛ ጉዳይ አዋጅ ቁጥር 1156/2011 የመንግሥት መሥሪያ ቤት ሠራተኞችን አይመለከትም። ስለዚህ በሥራ ክርክር ችሎት የተከፈተ መዝገብ ፍሬ ነገሩ ሳይታይ ይዘጋል፤ በዚህ መሀል የትክክለኛው በር ጊዜ ያልፋል። የተለመደው መንገድ በመሥሪያ ቤቱ ቅሬታ ሰሚ ኮሚቴ ይጀምርና ወደ አስተዳደር ፍርድ ቤት ያልፋል። ይግባኝ ላይ ደግሞ ክብደት የሚሰጠው ለሕግ ስህተት ስለሆነ፣ ማስረጃው በሙሉ ገና ከታች መግባት አለበት።

ቅሬታው መመሪያው ላይ ከሆነ የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ይመጣል። በዚህ አዋጅ ክለሳ የሚጠየቀው ከፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው። መሥሪያ ቤት መመሪያ ሲያወጣ ረቂቁን ለሕዝብ አስታውቆ አስተያየት መቀበል፣ ማስመዝገብና በድረ ገጽ ላይ መጫን አለበት፤ ውሳኔም በጽሑፍና በምክንያት መሆን አለበት። ስለዚህ የመጀመሪያው ጥያቄ «መመሪያው ልክ ነው ወይ?» ከመሆኑ በፊት «የምዝገባ ቁጥሩ ስንት ነው?» ነው። በቃለ ጉባኤ ወይም «በሰርኩላር» ብቻ የወረደ አሠራር ደመወዝ ለመቁረጥ ወይም ደረጃ ለማውረድ ሲውል ይህች ጥያቄ ብዙ ትሠራለች። መሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያለውን የቅሬታ ደረጃ ሳይጨርሱ ፍርድ ቤት መሄድ ግን መዝገቡን ያዘጋል።

ፋይሉ ውስጥ ምን ይኑር? የድልድል ወይም የምደባ ደብዳቤው የተቀበሉበት ቀን ተጽፎበት፤ የጊዜ ገደቡ የሚቆጠረው ደብዳቤው ላይ ከታተመው ቀን ሳይሆን ከደረሰበት ቀን ነው የሚል ክርክር ቢነሣ ያቺ በእጅ የተጻፈች ቀን ትፈርዳለች። የመደቡ የሥራ መግለጫ በመሥሪያ ቤቱ ማኅተም። ከለውጡ በፊትና በኋላ ያሉ የሁለት የሁለት ወር የክፍያ ሰነዶች። ቅሬታው ደግሞ በሁለት ኮፒ ይዘጋጅ፤ አንዱ መዝገብ ቤት ይገባል፣ ሁለተኛው ላይ «ገቢ» የሚለው ማኅተም ከቁጥርና ከቀን ጋር ይመታበት። መዝገብ ቤቷ «አለቃ ካልመራበት አልመታም» ካለች በአደራ ፖስታ ቤት ልኮ ደረሰኙን መያዝ ይቻላል።